ዳኛው ብቻቸውን «ችሎት ደፈርህ» ብለው መዝገብ መክፈት ይችላሉ ወይ? ለአንድ የምሥራቅ ጎጃም ልጅ የተሰጠ መልስ

ጥያቄው ባጭሩ ይኼ ነው። ጠያቂው ከምሥራቅ ጎጃም ነው። 68 ዓመት የሆናቸው አባቱ ከጎረቤታቸው ጋር በእርሻ ድንበር ሲካሰሱ ቆይተዋል። በወረዳው ፍርድ ቤት የሚያስችሉት ዳኛ አንድ ናቸው። መዝገቡ ለ4ኛ ጊዜ ሲቀጠር አባት ጋቢያቸውን ትከሻቸው ላይ መለስ አድርገው «ይኼ ፍርድ ቤት ነው ወይስ የቀጠሮ ቤት?» ብለው ወጡ። ዳኛው ምንም አላሉም፤ ቀጣዩን ባለጉዳይ አስጠሩ። በማግሥቱ ገበያ ነበር። አባት ጠላ ቤት ቁጭ ብለው «ዳኛው ለጎረቤቴ ያደላል» አሉ። ወሬው ዳኛው ዘንድ ደረሰ። ከ5 ቀን በኋላ ፖሊስ መጥቶ ይዟቸው ሄደና እዚያው ዳኛ ፊት አቀረባቸው። ዳኛው ራሳቸው ሌላ መዝገብ ከፍተው ጠብቀዋቸዋል። «ደፍረኸኛል» አሏቸው። አባት ሊናገሩ ሲሉ «ዝም በል» ተባሉ፤ 2 ወር እስራት ተፈረደባቸው። አሁን ጓደኞቹ «አካል ነጻ ማውጣት ክሰስ» እያሉት ነው፤ የሰፈር ሽማግሎች ደግሞ ዳኛው ቤት ሄደው ይቅርታ ሊለምኑ ተነሥተዋል። የልጁ ጥያቄ፣ «ጋሼ፣ አንድ ዳኛ ብቻውን ተነሥቶ እንዲህ ማድረግ ይችላል ወይ? ገደብ የለውም?» የሚል ነው።

ወንድሜ፣ መጀመሪያ አባትህን እግዜር ያስፈታልህ። የጻፍኸውን ሁለት ጊዜ አነበብሁት። አጭሩን መልስ አስቀድሜ ልንገርህና ከዚያ እንዘርዝረው።

ገደብ አለው። አንተ የፈለግኸው ግን ቁጥሩ ላይ ነው። «አንድ ዳኛ ብቻውን» ብለሃል። በእኛ ሕግ ቁጥሩ አይደለም ገደቡ። ብቻውን የሚያስችል ዳኛ ፊቱ ላይ ችሎቱን የደፈረን ሰው መቅጣት ይችላል፤ ሕጉ «ሦስት ካልሆናችሁ አይቻልም» አይልም። ሥልጣኑ የተሰጠው ግን ዓይኑ እያየ፣ ጆሮው እየሰማ፣ ሥራው እየተሰናከለ ላለ ችሎት ነው። ጠላ ቤት የተወራ ወሬ ሰምቶ፣ 5 ቀን አሳድሮ፣ ፖሊስ ልኮ አስይዞ፣ ራሱ ከሶ ራሱ እንዲፈርድ አልተሰጠም። በአባትህ ላይ የሆነው እንደነገርኸኝ ከሆነ ይግባኝ ፊት የሚቆም አይመስለኝም።

እኔ ዛሬ ደብረ ማርቆስ ላይ ጥብቅና ነው የምሠራው። ከዚያ በፊት በወረዳ ፍርድ ቤት ዳኛ ነበርሁ። ሁለቱንም ወንበር አይቻቸዋለሁ፤ ስለዚህ ለዳኛውም ለአባትህም የሚገባውን እናገራለሁ።

የነገሩ ሥር በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ አንቀጽ 449 ነው። መጀመሪያው ክፍል የሚያወራው ምርመራ ወይም ክርክር እየተካሄደ ሳለ ስለሚፈጸም ነገር ነው። በዚያ ሰዓት ፍርድ ቤቱን ወይም ሥራው ላይ ያለውን ዳኛ የሰደበ፣ ያፌዘበት፣ የዛተበት፣ ያወከ ወይም በሌላ መንገድ የችሎቱን ሥራ ያሰናከለ ሰው እስከ 1 ዓመት ቀላል እስራት ወይም እስከ 3,000 ብር መቀጮ ይቀጣል። ፍርድ ቤቱም ነገሩን ወዲያውኑ አይቶ መወሰን ይችላል። ሁለተኛው ክፍል ከችሎት ውጭ፣ ግን ዳኛው ሥራውን እያከናወነ ሳለ የሚፈጸመውን ይመለከታል። እዚህ ላይ ቅጣቱ ይወርዳል፤ እስከ 6 ወር ወይም እስከ 1,000 ብር ነው። ዳኛ ላይ እጅ ማንሣት ደግሞ የራሱ ከባድ አንቀጾች አሉት፤ የአባትህ ጉዳይ ስላልሆነ እንለፈው።

አሁን ሁለቱን ክፍሎች ከአባትህ ጋር አስተያያቸው። «የቀጠሮ ቤት» ያሉት ችሎት ውስጥ ነው። መጀመሪያው ክፍል ውስጥ ሊገባ ይችላል፤ ስድብ ነው ወይስ ምሬት የሚለው ያከራክራል እንጂ ቦታውና ሰዓቱ ይገጥማል። ጠላ ቤት ያሉት ግን የትኛውም ውስጥ አይገባም። ችሎት አልነበረም። ዳኛውም እዚያ ሥራ ላይ አልነበሩም። «ከችሎት ውጭ ሥራ ላይ» የሚባለው ምን እንደሆነ የገጠር ሰው ያውቀዋል። ዳኛው ድንበሩን በዓይኔ ልይ ብሎ ማሳው ድረስ ሲወርድ፣ ገመድ ተይዞ፣ ሽማግሎች ቆመው፣ እዚያ ላይ አንዱ ተነሥቶ ቢሰድበው ይኼ ሁለተኛው ክፍል ነው። ማሳው ላይ ዳኛው ሥራ ላይ ናቸው። ጠላ ቤት የሌለ ዳኛ ምን ሥራ ላይ ሊሆን ይችላል?

«ያደላል» የሚለው ቃል ስም ያጠፋል የሚሉ ከሆነ የስም ማጥፋት አንቀጽ አለ፤ 613 ነው። እሱ ግን የራሱ መንገድ አለው። ዳኛው እንደማንኛውም ተበዳይ አቤት ይላሉ፣ ምስክር ይሰማል፣ ሌላ ዳኛ ይፈርዳል። በጋዜጣ የወጣ ጽሑፍ ሳይቀር ችሎት መድፈር ተብሎ ያስቀጣበት ጊዜ ስላለ፣ ከወዲያ ወገን «ከችሎት ውጭም ይሠራል» የሚል ክርክር ሊመጣ ይችላል። ይምጣ። የአንቀጹ ቃል ግን «ሥራውን በሚያከናውንበት ጊዜ» ላይ የተንጠለጠለ ነው። የወንጀል ሕግ ደግሞ አይለጠጥም።

አሁን «ወዲያውኑ» ወደሚለው ቃል ልመለስ። ለእኔ የነገሩ ሁሉ ቁልፍ እሱ ነው። በሌላው ወንጀል ሁሉ ስንት በር አለ፦ ፖሊስ ይመረምራል፣ ዐቃቤ ሕግ ይከሳል፣ ምስክር ይቆጠራል፣ ተከሳሽ ይከላከላል፣ ነገሩን ያላየ ዳኛ ይፈርዳል። ችሎት መድፈር ላይ እነዚህ በሮች ሁሉ በአንዴ ይዘለላሉ። ለምን? ሁለት ምክንያት ብቻ ነው ያለው። አንደኛው፣ ዳኛው በዓይኑ አይቶታል፤ ምስክር አያስፈልገውም። ሁለተኛው፣ ችሎቱ እየተናጋ ነው፤ አሁን ካልተገታ የሚቀጥለው ባለጉዳይ ጉዳዩ አይሰማለትም። ሁለቱ ምክንያቶች ሲኖሩ አቋራጩ ይፈቀዳል። ሁለቱም ሲጠፉ አቋራጩም አብሮ ይጠፋል።

የአባትህን ተመልከት። ችሎት ውስጥ የተናገሩትን ዳኛው ሰምተዋል። ግን ዝም ብለው ቀጣዩን ባለጉዳይ ጠሩ። ችሎቱ ቀጠለ ማለት ነው። ሰውም አላጉረመረመም፣ አባትህም ተመልሰው አልገቡም። ከ5 ቀን በኋላ የሚናጋ ምን ነበር? ምንም። ያን ጊዜ የቀረው አንድ የበረደ ነገር ነው፤ ለበረደ ነገር ደግሞ መደበኛው በር ክፍት ነው። ፍርድ ቤቱ ነገሩን መዝግቦ ለዐቃቤ ሕግ መላክ ይችል ነበር። ዐቃቤ ሕጉ አይቶ ያስከስሳል ካለ ይከሳል፣ አያስከስስም ካለ ይተወዋል። ጠላ ቤት የተባለውንማ ዳኛው በጆሯቸው እንኳ አልሰሙትም። ሰው ነገራቸው። ያ ሰው ማነው? አባትህ ፊት ቀርቦ ተጠየቀ ወይ? ያወራው በትክክል የተባለውን ነው ወይ? በዚህ ዓይነት ፍርድ ነጋሪው ምስክር ሆኖ ሳይቀርብ ምስክርነቱ ብቻ ተቆጠረ ማለት ነው።

እዚህ ላይ ስለ ራሴ አንድ ነገር ልንገርህ።

ዳኛ በሆንሁ በሁለተኛው ዓመት ነው። በአንድ ወረዳ ፍርድ ቤት ብቻዬን አስችል ነበር። ክፍሏ ጠባብ፣ ጣሪያዋ ቆርቆሮ፤ ዝናብ ሲመጣ ሰውና ሰው አይደማመጥም። አንድ የቆላ አዛውንት ከወንድማቸው ልጅ ጋር በመሬት ይካሰሱ ነበር። የምስክር ቃል እየሰማሁ ሳለ ተነሡና ከዘራቸውን ወለሉ ላይ ሁለት ጊዜ መቱት። ጮክ ብለው ተናገሩ። ደሜ ፈላ። «ያዘው!» አልሁት ለፖሊሱ። ይዞ አወጣቸው። ክፍሉ ጸጥ አለ። እኔም ብዕሬን አነሣሁ፤ ምክንያቱም ሰው አስሮ መዝገብ ባዶ አይተውም፣ ምን እንዳደረጉ መጻፍ አለብኝ። «ተከራካሪው» ብዬ ጀመርሁ። ከዚያ ቆምሁ። ምን ብዬ ልቀጥል? «ጮኸ»? ዝናቡ እየጮኸ እሳቸው ካልጮኹ ማን ይሰማቸዋል። «ከዘራ መታ»? ማንን? ወለሉን። ምን እንዳሉ ለማስታወስ ሞከርሁ፤ «ልጄ፣ እኔ እኮ ይኼን ድንበር ስተክል አንተ አልተወለድህም» ነበር ያሉት። ለምስክሩ ነው ያሉት፤ እኔን አልነበረም። እጄ ብዕሩ ላይ ቀረ። ፖሊሱን ጠርቼ መልሰህ አስገባቸው አልሁት። ሲገቡ ዓይኔን አላዩም፤ ተቀምጠው ጋቢያቸውን አስተካከሉ። ያን ቀን ከሰዓት የሠራሁት ሥራ ሁሉ ሲከብደኝ ዋለ።

ይኼን የነገርሁህ ለምን መሰለህ፣ «ወንጀሉን ያቋቋመው ነገር መዝገብ ላይ ይስፈር» የሚለው ነገር ለብዙ ሰው ተራ ወረቀት ይመስለዋል። እኔን ያዳነኝ እሱ ነው። ዳኛ የሰማውን ቃል በቃል መጻፍ ሲጀምር፣ የተደፈረው ችሎቱ ይሁን እሱ ራሱ ወረቀቱ ላይ ይታየዋል። ስለዚህ የአባትህን ውሳኔ ስታነብ መጀመሪያ የምትፈልገው ይኼን ነው። ምን አሉ ተብሎ ተጽፏል? ቃላቸው አለ ወይስ «ፍርድ ቤቱን የሚያዋርድ ንግግር በመናገር» ተብሎ ታልፏል? የኋለኛው ከሆነ ይግባኝ ሰሚው የሚመዝነው ነገር አልተሰጠውም ማለት ነው።

የጎጃም ሰው ደግሞ ሙግት ያውቃል። አያቶቻችን በ«በላ ልበልሃ» ነው የተሟገቱት፤ ቆመው፣ ጋቢ አጣፍተው፣ እጅ ዘርግተው፣ ድምፅ ከፍ አድርገው። ያ አነጋገር ለዳኛ ክብር መንፈግ አልነበረም፤ ዳኛ ፊት መቆም የሚገባው እንደዚያ ነበር። ዛሬም 70 የደረሰ ገበሬ ችሎት ሲገባ ያን ይዞ ነው የሚገባው። ከዩኒቨርሲቲ የወጣ የ26 ዓመት ዳኛ ግን ከፍ ያለ ድምፅና የተዘረጋ እጅ ሲያይ ድፍረት ይመስለዋል። ሰምና ወርቁም አለ። የቅኔ አገር ነውና ሽማግሌው አንድ ነገር ብሎ ሁለት ነገር ሊያሰማ ይችላል። ዳኛው ወርቁን ሰምቶ ቢናደድ እንኳ መዝገብ ላይ የሚያሰፍረው ሰሙን ነው። በሰሙ ስድብ ከሌለ በወርቁ ሰው ማሰር አይቻልም። ይኼን አንድ ቀን ለወጣት ዳኞች ብናገረው ደስ ይለኝ ነበር።

ወደ ቁጥሩ እንመለስ፤ ምክንያቱም የጠየቅኸው እሱን ነው፣ በሌላ አገርም ብዙ የተከራከሩበት ነው።

ሕንድ ጥያቄህን በቀጥታ በሕግ መልሳዋለች። እ.ኤ.አ. በ1971 የወጣው የፍርድ ቤት መድፈር ሕጋቸው ጉዳዩን ለሁለት ይከፍለዋል። ከዳኛው ፊት ውጭ የተፈጸመ የወንጀል ዓይነት ድፍረት ከሆነ፣ የሚሰማው ከሁለት ባላነሱ ዳኞች ነው። አንድ ዳኛ ብቻውን አይጨርሰውም። የበታች ፍርድ ቤት ዳኛ ቢደፈርማ ራሱ አይዳኝም፤ ነገሩን ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ይልካል። በከፍተኛው ፍርድ ቤት ዳኛ ፊት የተፈጸመ ሲሆን እንኳ ተከሳሹ «ሌላ ዳኛ ይይልኝ» ብሎ በቃልም በጽሑፍም መጠየቅ ይችላል። አንድ ዳኛ የቀጣውን ደግሞ ቢያንስ ሁለት ዳኞች በይግባኝ ያዩታል። ድርጊቱ ከተፈጸመ 1 ዓመት ካለፈው መዝገቡ አይከፈትም። የቅጣቱ ጣሪያ 6 ወር እስራትና 2,000 ሩፒ ነው። እኛ ዘንድ ይኼ ሁሉ በዝርዝር አልተጻፈም። ቢጻፍ እወድ ነበር።

ቁጥር ብቻውን ግን አያድንም። የቆጵሮሱን ነገር ስማ። እ.ኤ.አ. በ2001 ሊማሶል ከተማ ኪፕሪያኑ የሚባል ጠበቃ በግድያ ክስ ላይ የፖሊስ ምስክር ሲጠይቅ ዳኞቹ አቋረጡት። ተናደደና ከጉዳዩ ልውጣ አለ፤ አልተፈቀደለትም። ያን ጊዜ፣ እኔ ምስክር ስጠይቅ እናንተ እርስ በርስ እያወራችሁ ብጣሽ ወረቀት ትለዋወጣላችሁ አላቸው። የተጠቀመባት ቃል በግሪክኛ የፍቅር ደብዳቤም ተብላ ልትተረጎም የምትችል ናት፤ ዳኞቹን ያበሳጨቻቸውም እሷ ናት። ዳኞቹ ሦስት ነበሩ። አንድ አይደሉም፣ ሦስት። እዚያው ተመካክረው 5 ቀን እስራት ፈረዱበት። ጠበቃው የአገሩን ይግባኝ ከጨረሰ በኋላ የአውሮፓ የሰብአዊ መብት ፍርድ ቤት ደረሰ። እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 2005 የፍርድ ቤቱ ታላቅ ችሎት ፈረደለት። ምክንያቱ ግልጽ ነበር፦ የተሰደቡት፣ የከሰሱት፣ የፈረዱት ያው ሦስቱ ናቸው። የሚገርመው ደግሞ ዳኞቹ በውሳኔያቸው ላይ «እንደ ሰው» በጥልቅ እንደተሰደቡ ራሳቸው ጽፈዋል። ብዕር እውነቱን ያወጣል ያልሁህ ለዚህ ነው።

አሜሪካኖቹ ዘንድ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1971 የተወሰነ ሜይቤሪ የሚባል ጉዳይ አለ። ተከሳሹ ራሱን ይከላከል ነበርና ዳኛውን ለብዙ ቀን አጸያፊ ስድብ ሰደበው። ዳኛው ቻለው፣ ቻለው፣ ቻለው፤ ነገሩ ሁሉ ካለቀ በኋላ ችሎት በመድፈር ብቻ ከ11 እስከ 22 ዓመት እስራት ፈረደበት። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ሻረው። እንዲህ የተሰደበ ዳኛ፣ ያውም እስከ መጨረሻ ጠብቆ ሊቀጣ የመጣ፣ ለሌላ ዳኛ ማስተላለፍ ነበረበት አለ። ያ ሰው ያለ ጥርጥር ችሎት ደፍሯል። እንዲያም ሆኖ የተሰደበው ዳኛ እንዲፈርድበት አልተፈቀደም። የአባትህን 5 ቀን ከዚህ ጋር አስተያየው።

የእነዚህ አገሮች ውሳኔ እኛን አያስገድድም። ይግባኝህ ላይ እንደ ማስረጃ አትጠቅሳቸው፤ ዳኛ ያሰለቻል። የእኛው ይበቃል። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 ለተከሰሰ ሰው ሁሉ የክሱን ዝርዝር የማወቅ፣ ንጹሕ ሆኖ የመገመት፣ ማስረጃውን የማየትና የመከላከል፣ ጠበቃ የማቆም፣ ይግባኝ የማለት መብት ይሰጣል። «ችሎት ከደፈረ በስተቀር» የሚል ቃል የለበትም። አባትህ አፋቸውን ሲከፍቱ «ዝም በል» መባላቸው ትልቁ ነጥብህ ይኼ ነው። ከጠላ ቤቱም ይበልጣል። አንድ ጥያቄ እንኳ ሳይጠየቁ፣ አንድ ቃል እንኳ ሳይመልሱ ነው 2 ወር የተፈረደባቸው። በ68 ዓመታቸው «አንተ» መባላቸው ሕግ አያስጥስ ይሆናል፤ እኔን ግን አሞኛል።

ሌላም ነገር አለ። የአባትህ ክርክር ፍትሐ ብሔር ነው። በ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 480 መሠረት ችሎቱን የሚመራው ዳኛ ሥርዓት ለማስከበር ተገቢውን ትእዛዝ መስጠትና አላግባብ የሆነን ተከራካሪ እዚያው በገንዘብ መቅጣት ይችላል። ማለትም ቀለል ያለ መሣሪያ በእጃቸው ነበር። «ይውጡ» ማለት፣ መገሠጽ፣ የተወሰነ ብር መቅጣት። ይኼ ሁሉ እያለ እስራት ላይ ለምን ተደረሰ የሚለውን በይግባኝህ አንሣው። ዳኞቹ ሦስት በሚሆኑበት ችሎትም ቢሆን ሥርዓት የሚያስከብረው ሰብሳቢው ነው፤ ጥፋተኛ ነህ የሚለው ፍርድ ግን የችሎቱ ነው። አንዱ ዳኛ ከቢሮው ብቻውን ጽፎ የሚልከው ነገር አይደለም።

ለዳኞችም ልናገር ብያለሁ። ይኼ ሥልጣን ይነሣ ብዬ አላውቅም፣ አልልምም። የወረዳ ዳኛ ብቻውን ነው። በሩ ላይ ያለው ፖሊስ አንድ ነው፤ አንዳንዴም የለም። የመሬት ሙግት ሲሆን የሁለቱም ወገን ዘመድ ግቢውን ሞልቶ ይቆማል። ምስክር ሲወጣ «ቆይ እንገናኛለን» የሚል አለ። ዳኛው ማታ ቤቱ የሚሄደው በዚያው መንገድ፣ በእግሩ ነው። እንዲህ ያለ ሰው ፊቱ ላይ ሲዛትበት ወዲያው ማስቆም ካልቻለ ምስክርም አይመጣለትም፣ ደካማ ወገንም ፍርድ አያገኝም። ለዚያ ሰዓት ይኼ ሥልጣን ያስፈልጋል። ሁላችንም ችሎት ፊት ስንቆም «ክቡር ፍርድ ቤት» እንላለን እንጂ የዳኛውን ስም አንጠራም፤ ክብሩ የወንበሩ ስለሆነ ነው። ወንበሩ ሲነካ ዳኛው ይነሣ። እሱ ሲነካ ግን እንደ እኔና አንተ አቤት ይበል። አገራችን «እህል ቢያንቅ በውሃ ይዋጣል፣ ውሃ ቢያንቅ በምን ይዋጣል» ይላል። ለተበደለ ሰው ውሃው ዳኛ ነው። ዳኛው ራሱ ያነቀ ቀን ሌላ ዳኛ ካልተገኘ ሰው የት ይሄዳል?

አሁን ወደ ሥራው። አካል ነጻ ማውጣት የሚሉህን ለጊዜው ተዋቸው። እሱ የሚጠቅመው ያለ ሕጋዊ ትእዛዝ ለተያዘ ሰው ነው። አባትህ የተያዙት በፍርድ ቤት ውሳኔ ነው፤ ውሳኔው ስሕተት ቢሆንም ውሳኔ ነው። «ትእዛዝ አለ» ብለው ይመልሱሃል፣ ቀኑም ይባክንብሃል። የአንተ መንገድ ይግባኝ ነው፤ ደብረ ማርቆስ፣ የዞኑ ከፍተኛ ፍርድ ቤት። በ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ መሠረት ፍርዱ በተሰጠ በ15 ቀን ውስጥ ይግባኝ እንደምትሉ ታስታውቃላችሁ፤ የመዝገቡ ግልባጭ ከደረሳችሁ በኋላ ደግሞ በ30 ቀን ውስጥ የይግባኝ ማመልከቻውን ታስገባላችሁ። 30 ቀን አለኝ ብለህ እንዳትቀመጥ። ቅጣቱ 2 ወር ነው፤ ይግባኙ ሲጓተት እስራቱ ያልቃል። ስለዚህ ከማመልከቻው ጋር አብረህ፣ ይግባኙ እስኪወሰን ቅጣቱ እንዲታገድ ጠይቅ። ዕድሜያቸውን፣ የጤናቸውን ሁኔታ፣ ቋሚ አድራሻቸውን ጻፍ። ከፍተኛው ፍርድ ቤት ባይቀበላችሁ እንኳ የሕግ ስሕተት አለ ብላችሁ ባሕር ዳር ሰበር፣ ማለትም የመጨረሻ ፍርድ ላይ ያለን የሕግ ስሕተት የሚያርመው ችሎት ድረስ መሄድ ይቻላል፤ እዚያ ድረስ ግን የምንደርስ አይመስለኝም።

ሽማግሎቹን አስቁማቸው። ልባቸው ንጹሕ እንደሆነ አውቃለሁ፤ ጎጃም ውስጥ ሰው ሲቀየም ሽማግሌ መላክ ወግ ነው። ዳኛ ቤት ግን አይኬድም። አንደኛ፣ ነገ «በጉዳዩ ጣልቃ ገቡ» ሊባል ይችላል፤ ያውም የድንበሩ ክርክር አሁንም እሳቸው እጅ ላይ ያለ ነው። ሁለተኛ፣ ቤት ተሄዶ የተለመነ ይቅርታ አባትህ ጥፋተኛ ነኝ እንዳሉ ተደርጎ ይወራል። አባትህ «የቀጠሮ ቤት» በማለታቸው ከልባቸው ካዘኑ ይቅርታው ነውር የለውም። በግልጽ፣ በችሎት፣ በጽሑፍ ይበሉ። ጠላ ቤት ስላሉት ግን በዚህ መዝገብ ይቅርታ የሚጠየቅበት ምክንያት አይታየኝም።

የድንበሩ መዝገብ ደግሞ አለ። ሰው ሁሉ እስሩን እያየ እሱን ረሳው። አባትህን ያሰሩት ዳኛ ናቸው ነገ ድንበሩን የሚወስኑት። ስለዚህ ከቀጣዩ ቀጠሮ በፊት «ዳኛው ከመዝገቡ ይነሡልኝ» የሚል አቤቱታ፣ ምክንያቱን በዝርዝር ጽፈህ አስገባ። ምክንያት አለህ፦ ራሳቸው ተበድያለሁ ብለው አባትህን ከሰው ቀጥተዋል። ስድብ አትጨምርበት። «ያደላሉ» የሚለውን ቃል ራሱ አትጻፈው፤ የሆነውን ብቻ፣ በቀን በቀኑ ጻፍ። የክልሉ ዳኞች አስተዳደር ጉባኤም አለ፤ የዳኛ ሥነ ምግባር አቤቱታ እዚያ ይታያል። እሱን ግን አሁን አትጀምረው። ጉባኤው ፍርድ አይሽርልህም፤ አባትህ ከተፈቱ በኋላ ይደርሳል።

ጻፍህልኝ እንጂ የተፈረደበትን ቀን አልነገርኸኝም። «ባለፈው ማክሰኞ» ብለሃል። ማክሰኞ ከሆነ ዛሬ ሰኞ 6ኛው ቀን ነው። ነገ ጠዋት 2 ሰዓት ተኩል ላይ የወረዳው መዝገብ ቤት ሂድ። ሁለት መዝገብ ነው የምትጠይቀው፦ ችሎት መድፈር የተባለውንና የድንበሩን። የሁለቱንም ሙሉ ግልባጭ፣ አባትህ «የቀጠሮ ቤት» ያሉበትን ቀን የችሎት ቃል ጭምር። ያን ቀን መዝገቡ ላይ ስለ ድፍረት አንዲት መስመር እንኳ ካልተጻፈች ይግባኝህ ግማሹ ተጽፎልሃል። ግልባጩን ነገ አንሰጥም ካሉህ ማመልከቻህ ላይ የገቢ ቁጥርና ቀን አስመታና ቅጂውን ያዝ። ከዚያ ፎቶ አንሥተህ ላክልኝ፤ ማታ አየዋለሁ።